ፎሶሊያ በሜክሲኮ አሠራር፦ ዕቃው ከጉሊት፣ ጊዜው 30 ደቂቃ

አዲስ አበባ ላይ «ሜክሲኮ» ሲባል ቀድሞ የሚመጣልን የታክሲ ረዳቱ ድምፅ ነው፤ «ሜክሲኮ፣ ሜክሲኮ፣ አንድ ሰው!» ዛሬ ግን አደባባዩን አልፈን እውነተኛዋ ሜክሲኮ ወጥ ቤት እንገባለን። የምንሠራው ፎሶሊያ ነው። አዎ፣ በያይነቱ ላይ ጥግ ይዞ የሚቀመጠው ያው ፎሶሊያ።

ስልክ ላይ የምግብ ቪዲዮ የሚያይ ሰው ይሄን ነገር ያውቀዋል። ርዕሱ «በጣም ቀላል የሜክሲኮ ምግብ» ይላል። ዝርዝሩ ሲመጣ ግን በፓኬት የታሸገ ቅመም፣ ቢጫ ቺዝ፣ ስሙን ለመጥራት የሚያስቸግር ሶስ ይደረደራል። ሱፐርማርኬት ገብተን ዋጋውን ስናይ ምኞታችን እዚያው ያበቃል፤ እራትም እንደ ትናንቱ ፓስታ ወይም ዳቦ በሻይ ይሆናል። በተለይ ቤት ተከራይቶ ብቻውን ለሚኖር፣ ዶርም ላለ፣ ከሥራ አምሽቶ ለሚገባ ሰው አትክልት ከሳህኑ የሚጠፋው እንዲህ እንዲህ እያለ ነው።

የምስራቹን እንንገራችሁ፦ ሜክሲኮዎች ቤታቸው ለሚሠሩት ፎሶሊያ ከውጭ የሚገባ ምንም ነገር አያስፈልግም። ፎሶሊያ፣ ቲማቲም፣ ሽንኩርት፣ ቃሪያ፣ ሎሚ፤ ሁሉም ሰፈራችሁ ጉሊት ላይ አለ። ከኛ ቤት ፎሶሊያ የሚለየው የትኛው መጀመሪያ፣ የትኛው መጨረሻ ይገባል የሚለው ነው። እሱን ከያዛችሁ ምግቡን ያዛችሁት ማለት ነው። ለምን እንደዚያ እንደሆነም ደረጃ በደረጃ እናስረዳለን።

ምግቡ ምንድን ነው?

በሜክሲኮ ስሙ «ኤሆቴስ አ ላ ሜሂካና» ነው። «ኤሆቴ» ፎሶሊያ ማለት ሲሆን ቃሉ የመጣው አዝቴኮች ይናገሩት ከነበረውና ዛሬም ብዙ ሰው ከሚናገረው ከናዋትል ቋንቋ ነው። «አ ላ ሜሂካና» ደግሞ «በሜክሲኮኛ አሠራር» እንደማለት ነው። ይሄ አጠራር ወጥ ቤት ውስጥ የተወሰነ ትርጉም አለው፦ ቀይ ቲማቲም፣ ነጭ ሽንኩርት ቀለም ያለው ሽንኩርት እና አረንጓዴ ቃሪያ አብረው የገቡበት ምግብ። ቀይ፣ ነጭ፣ አረንጓዴ የሜክሲኮ ባንዲራ ቀለሞች ናቸው። እንቁላል በነዚህ ሦስቱ ከተጠበሰ «እንቁላል አ ላ ሜሂካና»፣ ሥጋ ከሆነም እንደዚያው ይባላል። የዛሬው ፎሶሊያ ነው።

ምግቡ ሙሉ በሙሉ የጾም ነው። ቅቤ የለው፣ ወተት የለው። ፍስክ ሲሆን ምን እንደሚጨመርበት በኋላ እንመጣበታለን።

ፎሶሊያ የማን አገር ነው?

ብዙዎቻችን ፎሶሊያን «የፈረንጅ አትክልት» እንለዋለን። እውነቱ ግን ሌላ ነው። ፎሶሊያና ቦሎቄ አንድ ዓይነት ተክል ናቸው። ቦሎቄ ደርቆ የሚፈለፈለው ፍሬ ነው፤ ፎሶሊያ ደግሞ ገና እሸት ሆኖ ከነሽፋኑ የሚበላው። በእርግጥ ለፎሶሊያ ተብለው የተመረጡ ሽፋናቸው ለስላሳ የሆነ ዝርያዎች አሉ፤ ዘራቸው ግን አንድ ነው።

ይሄን ተክል ከዱር አውጥተው ያለመዱት የአሜሪካ አህጉር ነባር ገበሬዎች ናቸው። ያውም በሁለት ቦታ፣ ለየብቻ፦ አንዱ ዛሬ ሜክሲኮና መካከለኛው አሜሪካ በምንለው አካባቢ፣ ሌላው በደቡብ አሜሪካ የአንዲስ ተራሮች። ገበሬዎቹ ሜክሲኮ ውስጥ «ሚልፓ» በሚባል ማሳ በቆሎ፣ ቦሎቄና ዱባ አንድ ላይ ይዘራሉ። በቆሎው ለቦሎቄው መወጣጫ ይሆናል፤ ቦሎቄው ሥሩ ላይ ባሉ ባክቴሪያዎች አማካኝነት ለአፈሩ ናይትሮጅን ይሰጣል፤ የዱባው ሰፊ ቅጠል ደግሞ መሬቱን ሸፍኖ አረምና ድርቀትን ይከላከላል። በቆሎና ቦሎቄን አንድ ማሳ ላይ መዝራት የኛም ገበሬዎች በደንብ የሚያውቁት ነገር ነው።

ከ1492 በኋላ ስፔኖችና ሌሎች አውሮፓውያን እነዚህን ሰብሎች ወደ ሌላው ዓለም አዛመቱ። ቦሎቄም፣ ቲማቲምም፣ ቃሪያና በርበሬም፣ በቆሎም፣ ዱባም፣ አቮካዶም መነሻቸው የአሜሪካ አህጉር ነው። ያለ በርበሬ ወጣችንን አስቡት እስቲ! ሽንኩርት፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ድንብላልና ሎሚ ደግሞ በተቃራኒው አቅጣጫ ከስፔኖች ጋር ሜክሲኮ ገቡ። ዛሬ የምንሠራው ምግብ የሁለቱም ጉዞ ውጤት ነው። ፎሶሊያ የሚለው ስማችን እንኳን መንገደኛ ነው፤ አረቦች ፋሱሊያ፣ ቱርኮች ፋሱልዬ፣ ግሪኮች ፋሶላኪያ ይሉታል።

ዩኔስኮ የሜክሲኮን ባህላዊ የምግብ አሠራር በ2010 በማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ላይ ሲያሰፍር መሠረቱ ይሄ የበቆሎ፣ የቦሎቄና የቃሪያ ባህል ነበር። ስለዚህ ይሄን ፎሶሊያ ስትሠሩ የምታበስሉት የገበሬ ቤት ምግብ ነው።

እግረ መንገዳችንን፦ አዲስ አበባ ሜክሲኮ አደባባይ እንዳለን ሁሉ ሜክሲኮ ሲቲም «ኢትዮጵያ» የሚባል የሜትሮ ጣቢያ አላት፤ የጣቢያው ምልክትም የአንበሳ ራስ ነው። ነገሩ የሚመዘዘው ሜክሲኮ የጣሊያንን ወረራ ከተቃወሙትና ይዞታውን ፈጽሞ ካልተቀበሉት ጥቂት አገሮች አንዷ ከመሆኗ ነው።

ለ4 ሰው የሚያስፈልገው

• ፎሶሊያ፦ ግማሽ ኪሎ
• ቲማቲም፦ 3 መካከለኛ (300 ግራም አካባቢ)፣ በደንብ የበሰለ
• ሽንኩርት፦ 1 መካከለኛ። ሜክሲኮዎች ነጩን ይጠቀማሉ፤ ቀዩ የሐበሻ ሽንኩርትም ይሆናል
• ነጭ ሽንኩርት፦ 2 ፍሬ
• ቃሪያ፦ 1 ወይም 2
• ዘይት፦ 2 የሾርባ ማንኪያ
• ሎሚ፦ ግማሽ
• ጨው
• ካገኛችሁ ትኩስ የድንብላል ቅጠል፦ አንድ እፍኝ

ይሄው ነው። ከሙን ያላችሁ ሩብ የሻይ ማንኪያ መጨመር ትችላላችሁ፤ ግድ ግን አይደለም። የድንብላል ቅጠል ካላገኛችሁ ዝለሉት። በቅመማ ቅመም መደርደሪያ ላይ ያለው የደረቀ ድንብላል ፍሬው ስለሆነ ጣዕሙ ሌላ ነው፤ ቅጠሉን አይተካም።

ጉሊት ስትሄዱ

ፎሶሊያውን ከመግዛታችሁ በፊት አንድ ዘለላ አንሱና ስበሩት። «ቀጭ» ብሎ ከተሰበረ ትኩስ ነው። እንደ ገመድ ከታጠፈ ሰንብቷል። ውስጡ ያለው ፍሬ በሽፋኑ ላይ አብጦ ከታየ ደግሞ አርጅቷል፤ ምንም ብታበስሉት ክሩ ጥርስ ውስጥ ይገባል። መደቡ ላይ ቀጫጭኑን ምረጡ።

ቲማቲሙን ግን ተቃራኒውን አድርጉ። ለሰላጣ የምንፈልገው ጠንካራው ቲማቲም እዚህ አይሆንም፤ ለስለስ ያለና በደንብ የቀላ ይሻላል። ብዙ ጊዜ «ለወጥ ነው?» ተብሎ በርካሽ የሚሸጠው መደብ ለዚህ ምግብ ምርጡ ነው።

አሠራሩ

1. ማዘጋጀት (7 ደቂቃ)

ፎሶሊያውን እጠቡ፤ ሁለቱን ጫፍ ቁረጡ፤ ጎኑ ላይ ክር ካለው ሳቡና አውጡ። ከዚያ እንደ ጣት መገጣጠሚያ በሚሆን ልክ፣ ከ3 እስከ 4 ሴንቲ ሜትር ቁረጡት። ልኩ ተመሳሳይ ከሆነ እኩል ይበስላል። ሽንኩርቱንና ቲማቲሙን በደቃቁ ክተፉ። ነጭ ሽንኩርቱንም እንደዚያው።

ቃሪያ ላይ አንድ ምስጢር አለ። ብዙ ሰው የሚያቃጥለው ፍሬው ይመስለዋል። የሚያቃጥለው ካፕሳይሲን የሚባለው ንጥረ ነገር በብዛት ያለው ፍሬዎቹ የተያያዙበት ነጩ ሥጋ ላይ ነው። ማቃጠሉን የማትፈልጉ ነጩን ፍቃችሁ አውጡ፤ ጣዕሙ ይቀራል፣ እሳቱ ይሄዳል። ከዚያ እጃችሁን በሳሙና ታጠቡ። ዓይን ከመንካት በፊት ማለታችን ነው!

2. ፎሶሊያውን ለብቻው መቀቀል (ከ7 እስከ 9 ደቂቃ)

ሁለት ሊትር ያህል ውሃ አፍሉና አንድ የሾርባ ማንኪያ ጨው ጨምሩበት። ውሃው ተንተክትኮ ሲፈላ ፎሶሊያውን አስገቡ። ድስቱን አትክደኑት።

እዚህ ጋ «ለምን ለብቻው? ሁሉንም አንድ ላይ ብናስገባስ?» የሚል ይኖራል። የምግቡ ቁልፍ ያለው እዚሁ ነው። ቲማቲም አሲድ አለው። አትክልት ሲበስል የሚለሰልሰው ሴሎቹን አጣብቆ የያዘው ፔክቲን ስለሚሟሟ ነው፤ አሲድ ግን ፔክቲኑ ቶሎ እንዳይሟሟ ይይዘዋል። ጥሬ ፎሶሊያ ቲማቲም ውስጥ ስታስገቡ የሚሆነውን ታውቁታላችሁ፦ ቲማቲሙ ደርቆ ሊያር ሲል ፎሶሊያው አሁንም ድርቅ እንዳለ ነው። ውሃ ይጨመራል፣ እንደገና ይጠበቃል፣ 40 ደቂቃ ያልፋል። በመጨረሻ ፎሶሊያው ሲለሰልስ ቀለሙ ሄዷል።

ቀለሙ የሚሄድበት ምክንያትም ያው አሲድ ነው። አረንጓዴውን ቀለም የሚሰጠው ክሎሮፊል መሀሉ ላይ ማግኒዚየም አለው። ሙቀትና አሲድ አብረው ሲቆዩበት ማግኒዚየሙ ይወጣና ቀለሙ የደረቀ ቅጠል ይመስላል። ፎሶሊያው ራሱ ሲፈላ ትንሽ አሲድ ይለቃል፤ ድስቱ ክፍት ከሆነ ከፊሉ ከእንፋሎቱ ጋር ይወጣል። «አትክደኑት» ያልነው ለዚህ ነው።

አንዳንድ ሰው አረንጓዴ እንዲሆን ሶዳ ይጨምራል። ቀለሙ በእርግጥ ይደምቃል፤ ግን ፎሶሊያው ይላሽቃል፣ ቫይታሚን ቢ1ም ይጎዳል። ተዉት።

ከ7 ደቂቃ በኋላ አንዱን አውጥታችሁ ቅመሱ። ጥርስ ሲነካው ትንሽ የሚቋቋም፣ ግን የጥሬ ጣዕም የሌለው መሆን አለበት። ከደረሰ ውሃውን አጥሉና ቀዝቃዛ ውሃ አፍስሱበት፤ ካልሆነም ሰፊ ሳህን ላይ ዘርጉት። ድስቱ ውስጥ ተከምሮ ከቆየ በራሱ ሙቀት መብሰሉን ይቀጥላል።

ውሃ በፈረቃ የሚመጣበት ሰፈር ላላችሁ፦ ሁለት ሊትር ማፍሰስ የሚከብድ ከሆነ ፎሶሊያውን መጥበሻ ላይ አድርጉ፣ አንድ ብርጭቆ ውሃና ቁንጥር ጨው ጨምሩ፣ ውሃው እስኪመጠጥ እያገላበጣችሁ አብስሉ። ሳይበስል ውሃው ካለቀ ትንሽ ጠብ አድርጉበት። ቀለሙ ትንሽ ቢቀንስም ወደ ውሃው የሚሄደው ቫይታሚን እዚያው ይቀራል፤ የሚታጠበውም ዕቃ አንድ ብቻ ይሆናል።

3. ቲማቲሙን ማብሰል (10 ደቂቃ)

መጥበሻ ላይ ዘይቱን አሙቁ፤ ሽንኩርቱንና ቃሪያውን አስገቡ። እዚህም ከኛ አሠራር የሚለይ ነገር አለ። ለወጥ ቁሌት ስንሠራ ሽንኩርቱን ረጅም ጊዜ እናቁላላዋለን። ለዚህ ምግብ ግን ከ2 እስከ 3 ደቂቃ ይበቃል፤ ለስለስ ይበል እንጂ አይቅላ። ጣዕሙ ቀለል ያለና ትኩስ ሆኖ እንዲቀር ነው የሚፈለገው። ነጭ ሽንኩርቱን ጨምራችሁ ለግማሽ ደቂቃ አማስሉ፤ ከሙን ካላችሁ አሁን ነው የሚገባው።

አሁን ቲማቲሙን ከግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ጋር ጨምሩ። ጨው ቲማቲሙ ውሃውን ቶሎ እንዲለቅ ያደርገዋል። ከ6 እስከ 8 ደቂቃ ሳትከድኑ አብስሉት፤ ውሃው ቀንሶ ወፈር ሲልና ዘይቱ ጠርዝ ጠርዙን ብቅ ሲል ደርሷል። ቸኩላችሁ ፎሶሊያውን ቀድማችሁ ካስገባችሁት ሳህኑ ላይ ቀይ ውሃ ያቋጥርባችኋል።

4. ማገናኘት (ከ3 እስከ 4 ደቂቃ)

የተቀቀለውን ፎሶሊያ አስገቡ፣ አገላብጡ፣ ቲማቲሙ እንዲለብሰው ለ3 ደቂቃ ያህል አቆዩት። ቅመሱና ጨው አስተካክሉ።

5. ሎሚ፣ ከወረደ በኋላ

እሳቱን አጥፉ። ከዚያ ሎሚውን ጭመቁ፣ የድንብላሉን ቅጠል በትኑ። እሳት ላይ እያለ ሎሚ ከገባ ሽታው ይበናል፣ አረንጓዴውም ይጠፋል። ይሄ ሎሚ ደግሞ ተራ ሎሚ እንዳይመስላችሁ፤ ትንሿ፣ ቀጭን ቆዳ ያላት የኛ ሎሚ ሜክሲኮዎች «ሊሞን ሜሂካኖ» የሚሏት ራሷ ናት። እዚህ ላይ ምትክ እንኳን አያስፈልገንም።

የምታጨስ ጣዕም ለሚወድ

ሜክሲኮዎች «ኮማል» የሚባል ጠፍጣፋ የሸክላ ወይም የብረት ምጣድ አላቸው። ቲማቲም፣ ቃሪያ፣ ሽንኩርትና ከነልጣጩ ያለ ነጭ ሽንኩርት ያለ ዘይት እዚያ ላይ አድርገው ቦታ ቦታው እስኪጠቁር ያገላብጣሉ። ከዚያ ወቅጠው ወይም ፈጭተው ሶስ ያደርጉታል። እናንተም ደረቅ መጥበሻ ወይም ከሰል ላይ ማድረግ ትችላላችሁ። የጠቆረውን ቲማቲም ልጣጩን በከፊል ላጡና ክተፉት፤ ከዚያ ደረጃ 3ን ቀጥሉ። የሚጨምረው 10 ደቂቃ ነው፤ ጣዕሙ ግን ሌላ ምግብ ያስመስለዋል።

ቪዲዮው 4 ደቂቃ ይላል፣ የኔ ግን አልበሰለም?

ስህተቱ የናንተ አይደለም። ውሃ 100 ዲግሪ ላይ የሚፈላው ባሕር ጠለል ላይ ነው። ወደ ላይ በወጣን ቁጥር በ300 ሜትር አንድ ዲግሪ ገደማ ይቀንሳል። አዲስ አበባ ከ2,300 ሜትር በላይ ስለሆነች ውሃችን የሚፈላው 92 ዲግሪ አካባቢ ነው። ስለዚህ አትክልትና ጥራጥሬ የበለጠ ጊዜ ይፈልጋል። እሳቱን ብትጨምሩ ውሃው ቶሎ ያልቃል እንጂ ሙቀቱ አይጨምርም።

የሚገርመው ሜክሲኮ ሲቲም 2,240 ሜትር ገደማ ላይ ናት። የአዲስ አበባና የሜክሲኮ ሲቲ ድስት የሚፈላው በተቀራራቢ ሙቀት ነው! እኛ የሰጠነው ከ7 እስከ 9 ደቂቃ ለእንደዚህ ያለ ከፍታ ነው። ድሬዳዋ፣ ሐዋሳ፣ ባሕር ዳር ያላችሁ ከ6 ደቂቃ ጀምራችሁ ቅመሱ። ዱባይ፣ ጅዳ ወይም ዋሽንግተን ዲሲ ያላችሁ ደግሞ ከ4 እስከ 5 ደቂቃ ሊበቃችሁ ይችላል።

ጥሬውን አትብሉት

የባቄላ እሸት እየፈለፈሉ መብላት የለመደ ሰው ፎሶሊያንም «እሸት ነው» ብሎ ሊቆረጥመው ይችላል። አይሆንም። የቦሎቄ ቤተሰብ ሌክቲን የሚባል ፕሮቲን አለው፤ ጥሬውን በብዛት ከተበላ ማቅለሽለሽ፣ ማስመለስና ተቅማጥ ያመጣል። በብዛት ያለው በደረቀው ቦሎቄ ውስጥ ነው፤ ፎሶሊያ ውስጥ ያነሰ ቢሆንም አለ። በደንብ በፈላ ውሃ መቀቀል ያጠፋዋል፤ ለብ ባለ ውሃ መዘፍዘፍ ግን አይበቃም። ስለዚህ ለሰላጣም ቢሆን መጀመሪያ ቀቅሉት። «ጥርስ ሲነካው ትንሽ ይቋቋም» ስንል ጥሬ ይሁን ማለታችን አይደለም።

በምን ይበላል?

ይሄ ማባያ ነው። ሜክሲኮ ውስጥ በትኩስ የበቆሎ ቶርቲያ ወይም ከሩዝ ጎን ይቀርባል። እኛ ጋ በእንጀራ፣ በዳቦ፣ በሩዝ፣ በተቀቀለ ድንች ይሄዳል። በጾም ከሽሮ ወይም ከምስር ጎን አስቀምጡት፤ የሎሚው ኮምጠጥ ማለት የሽሮውን ክብደት ቀለል ያደርገዋል።

ጾም ከሆነ የተቆላ የዱባ ፍሬ በላዩ በትኑ። ሜክሲኮዎች «ፔፒታ» ይሉታል፤ ምግባቸው ላይ ከጥንት ጀምሮ አለ። ፍስክ ከሆነ ደግሞ አይብ ፈርፍሩበት። እነሱ የሚጠቀሙት «ኬሶ ፍሬስኮ» የሚባል ያልቆየ ነጭ አይብ ነው፤ የኛ አይብ ጨው ስለሌለው ቁንጥር ጨው ጨምሩበት እንጂ ቦታውን በደንብ ይሸፍናል።

እራት ይሁን ካላችሁ ደረጃ 4 ላይ 3 እንቁላል መትታችሁ አፍስሱና እስኪረጋ አማስሉ። ይሄም በሜክሲኮ የታወቀ የቁርስ ምግብ ነው፤ «ኤሆቴስ ኮን ዌቮ» ይሉታል። በዳቦ ሲበላ ከተለመደው ፍርፍር እንቁላል በብዙ ይሻላል።

ከተረፈስ?

ከወረደ በ2 ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ አስገቡት፤ ከ3 እስከ 4 ቀን ይቆያል። ሎሚው ስላለበት በነጋታው ቀለሙ ደብዘዝ ይላል፤ ተበላሽቷል ማለት አይደለም። ፍሪጅ ለሌለው ደግሞ ዘዴው ይሄ ነው፦ የሚበላውን ያህል ብቻ ሥሩ። ጥሬው ፎሶሊያ ሳይታጠብ ቀዝቃዛ ቦታ ከተቀመጠ ለአንድ ሁለት ቀን ምንም አይሆንም፤ የተሠራው ግን ውጭ ማደር የለበትም።

ይሄን ሁሉ ምን አስለፋን?

የዓለም ጤና ድርጅት አንድ አዋቂ ሰው በቀን ቢያንስ 400 ግራም አትክልትና ፍራፍሬ እንዲበላ ይመክራል። ድንች እዚህ ውስጥ አይቆጠርም። አሁን የኛን ድስት እንደምር፦ ግማሽ ኪሎ ፎሶሊያ፣ 300 ግራም ቲማቲም፣ 100 ግራም ገደማ ሽንኩርትና ቃሪያ፤ 900 ግራም። የተቆረጠው የተጣለው ተቀንሶ ለ4 ሲካፈል ለአንድ ሰው 200 ግራም ይደርሳል። የቀኑ ግማሽ በአንድ ማባያ ተሸፈነ ማለት ነው። ጠዋት ወይም ከሰዓት ላይ ሙዝና ብርቱካን ከተጨመረበት ወደ ሙሉው ተጠጋን።

በ100 ግራም ጥሬ ፎሶሊያ ውስጥ 31 ካሎሪ፣ ወደ 3 ግራም የሚጠጋ አሰር እና 12 ሚሊግራም ገደማ ቫይታሚን ሲ አለ። ፕሮቲኑ ግን 2 ግራም አይሞላም፤ ስለዚህ ብቻውን ምግብ አይሆንም፣ ሽሮ ወይም ምስር ወይም እንቁላል ይፈልጋል። ከምስር ጋር ስትበሉት ሌላ ጥቅም ታገኛላችሁ፦ ሰውነታችን ከዕፅዋት የሚገኘውን አይረን በቀላሉ አይቀበልም፤ የቲማቲሙና የሎሚው ቫይታሚን ሲ ግን ያግዘዋል። ጾም ለሚበዛብን ሰዎች፣ በተለይ ለሴቶች፣ ይሄ ትንሽ ነገር አይደለም። ሻይና ቡና ደግሞ ይሄንኑ ሥራ ስለሚያደናቅፉ ከምግቡ ጋር ከመጠጣት አንድ ሰዓት ያህል ቆይታችሁ ብትጠጡ ይመረጣል።

የእናቶቻችን ፎሶሊያ በካሮት የትም አይሄድም፤ ቦታው ቦታው ነው። ይሄኛው ለሌላ ቀን ነው፤ አምሽታችሁ ገብታችሁ፣ ኪስ ሳስቶ፣ «ዛሬ ደግሞ ምን ልብላ?» የምትሉበት ቀን። ቅደም ተከተሉን በአንድ መስመር ሴቭ አድርጉት፦ ፎሶሊያው ለብቻው፣ ቲማቲሙ እስኪወፍር፣ ሎሚው ከወረደ በኋላ።

ነገ ከሥራ ስትመለሱ «ሜክሲኮ፣ ሜክሲኮ» የሚለውን ታክሲ ባትይዙም ግማሽ ኪሎ ፎሶሊያ ይዛችሁ ግቡ። መልካም ምግብ!